በአንድ ቢል አምስት ስልክ ለምትከፍሉ ሁሉ፦ መጀመሪያ ነፃውን መቆለፊያ ቆልፉ

ለ፦ በአሜሪካ በፋሚሊ ፕላን የቤተሰብ ስልክ ለምትከፍሉ ወገኖች
ግልባጭ፦ ለስልክ ኩባንያዎች የደንበኞች አገልግሎት ክፍሎች፤ ለፌዴራል ኮሙኒኬሽን ኮሚሽን (ኤፍሲሲ)
ጉዳዩ፦ በየመስመሩ ስለሚጨመሩ የደኅንነት፣ የኢንሹራንስና የድጋፍ ክፍያዎች

ወገኖቻችን፣

አባት፣ እናት፣ ሁለት ልጆች፣ ከአገር ቤት የመጡ አያት፤ አምስት ስልክ፣ አንድ ቢል። ቢሉ በአንድ ሰው ስም ነው፣ ገንዘቡ በአውቶፔይ ይቆረጣል፣ ዝርዝሩን ከፍቶ የሚያይ ግን የለም። በየመስመሩ ሥር "ፕሮቴክት"፣ "ሴኪዩር"፣ "አድቫንቴጅ" የሚሉ ስሞች ተቀምጠው በየወሩ ይከፈልባቸዋል። ይህን ደብዳቤ የጻፍነው ሁለት የተለያዩ ነገሮች "ደኅንነት" በሚል አንድ ስም ስለሚጠሩ ነው። አንደኛው ስልኩ ሲሰበር ወይም ሲጠፋ የሚተካ ኢንሹራንስ ነው፤ ይከፈልበታል። ሁለተኛው ቁጥራችሁን ሌባ እንዳይወስደው የሚያደርግ መቆለፊያ ነው፤ በነፃ ነው። የመጀመሪያውን በአምስቱም መስመር ላይ እየከፈለ ሁለተኛውን በአንዱም ላይ ያልከፈተ ቤተሰብ ብዙ ነው።

ከቁጥሩ እንጀምር። ባንኩ፣ ኢሜይሉ፣ ዜሉ፣ ሁሉም የማረጋገጫ ኮድ የሚልኩት ወደ ስልክ ቁጥራችሁ ነው። ሌባው ስማችሁን፣ የትውልድ ቀናችሁንና የሶሻል ሴኪዩሪቲያችሁን የመጨረሻ አራት አኃዝ ይዞ ለኩባንያው ይደውላል፣ ወይም ስቶር ይገባል። "ስልኬ ጠፍቶብኛል፣ በአዲስ ሲም አውጡልኝ" ይላል። ካመኑት ቁጥሩ ወደ እሱ ስልክ ይዞራል። በእናንተ ስልክ ላይ የሚታየው ምልክት ትንሽ ነው፤ ከላይ ጥጉ ላይ የነበሩት የኔትወርክ ዘንጎች ጠፍተው "ኤስ ኦ ኤስ" ወይም "ኖ ሰርቪስ" የሚል ይመጣል። ሰው ደግሞ "ኔትወርክ ሄደ" ብሎ ስልኩን አጥፍቶ ያበራል፣ ይጠብቃል። ሌባው በዚያ ሰዓት የኢሜይሉን ፓስወርድ እየቀየረ ነው፤ ከኢሜይል ወደ ባንክ ለመሻገር ደቂቃዎች ይበቁታል።

ያን ሁሉ መረጃ ከየት አገኘው ካላችሁ፣ ገበያ ላይ አለ። እ.ኤ.አ. በ2021 ከቲ-ሞባይል የወጣው መረጃ ከ76 ሚሊዮን በላይ ሰዎችን የነካ ነበር፤ ኩባንያው በኋላ 350 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማምቷል። ኤቲ ኤንድ ቲ ደግሞ በ2024 መጋቢት የ73 ሚሊዮን ያህል የአሁንና የቀድሞ ደንበኞቹ መረጃ፣ የብዙዎቹ የሶሻል ሴኪዩሪቲ ቁጥር ጭምር፣ እንደወጣ አምኗል። ስለዚህ "የእኔን መረጃ ማን ያውቃል" ብሎ መተኛት አይቻልም። ታውቋል ብላችሁ ተነሡና በሩን ቆልፉ።

መቆለፊያው በየኩባንያው ስሙ ይለያያል። ቬራይዞን ላይ "ነምበር ሎክ" እና "ሲም ፕሮቴክሽን" ይባላል። ቲ-ሞባይል ላይ "ሲም ፕሮቴክሽን" እና "ፖርት አውት ፕሮቴክሽን" ነው። ኤቲ ኤንድ ቲ ዘግይቶ በ2025 ሐምሌ ላይ "ዋየርለስ አካውንት ሎክ" የሚል አውጥቷል። ሁሉም በኩባንያው አፕ ውስጥ ይገኛሉ፣ ሁሉም ያለ ክፍያ ናቸው። እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚስተው ነገር አለ፦ በቬራይዞንና በቲ-ሞባይል መቆለፊያው የሚበራው በየመስመሩ ነው። የአካውንቱ ባለቤት የራሱን መስመር ቆልፎ ሲወጣ የሚስቱም፣ የልጆቹም፣ የእናቱም ቁጥር ክፍት እንደሆነ ይቀራል። አምስት መስመር ካለ ቁልፉ አምስት ጊዜ መዞር አለበት። በተጨማሪም አንዱ ቁልፍ በአዲስ ሲም ማውጣትን፣ ሌላው ቁጥሩን ወደ ሌላ ኩባንያ ማዘዋወርን ነው የሚከለክለው፤ ሁለቱንም አብሩ። አዲስ ስልክ ስትገዙ ወይም ኢሲም (ካርድ የሌለው፣ በስልኩ ውስጥ ያለ ሲም) ስትቀይሩ ለጥቂት ደቂቃ ከፍታችሁ መልሳችሁ ትዘጉታላችሁ። መልሶ መዝጋቱን አትርሱ፤ ሰው የሚጋለጠው ብዙውን ጊዜ አዲስ ስልክ ከገዛ በኋላ ነው።

ቁጥር ከኩባንያ ወደ ኩባንያ ሲዘዋወር የሚጠየቅ ጊዜያዊ ፒን አለ። ከቬራይዞን ስልክ #7678፣ ከኤቲ ኤንድ ቲ ስልክ *7678 ሲደወል ይሰጣል። ይህን ፒን ሊጠይቃችሁ የሚገባው ራሳችሁ ልትዘዋወሩበት የሄዳችሁበት አዲሱ ኩባንያ ብቻ ነው። ደውሎ "ፒኑን ንገሩኝ" የሚል ማንም ቢሆን ሌባ ነው።

ቁጥሩ ከተወሰደ ምን ይደረግ? የቤተሰብ ፕላን እዚህ ላይ ይጠቅማል። በዚያው አካውንት ካለ ሌላ ስልክ 611 ደውሉና መስመሩን አስዘጉ። ሌላው ሰው በዚያው ሰዓት ለባንኩ በካርዱ ጀርባ ባለው ቁጥር ይደውል። ሦስተኛው የኢሜይሉን ፓስወርድ ይቀይር። ተራ አትጠብቁ፣ ሥራውን ተከፋፈሉት።

ሌላው ወጥመድ "ቅናሽ አለልዎ" የሚለው ስልክ ነው። ደዋዩ ከስልክ ኩባንያችሁ እንደሆነ ይናገራል፣ ስማችሁን ይጠራል፣ ከቢሉ 30 ወይም 40 በመቶ እንደሚቀንስ ይነግራችኋል። ከዚያ "ማንነትዎን እንዳረጋግጥ የመጣልዎትን ኮድ ይንገሩኝ" ይላል። ያ ኮድ በእርግጥ ከኩባንያው ነው የመጣው፤ ሌባው በእናንተ አካውንት ለመግባት እየሞከረ ስለሆነ ነው የተላከው። መልእክቱ ራሱ "ለማንም አትስጡ" ይላል፤ በእንግሊዝኛ ስለሆነ አያት አያነቡትም። ኮዱን ካገኘ በየመስመሩ ውድ ስልክ በዱቤ ያዝዛል። አንዳንዴ ሳጥኑ ደጃችሁ ላይ ይወርዳል፤ ያው ሰው ደውሎ "በስህተት ነው የመጣው፣ በዚህ አድራሻ መልሱልን" ይላል። ከላካችሁት ስልኩ የእሱ፣ ዕዳው የእናንተ ነው። ብዙ መስመር ያለው አካውንት ብዙ ስልክ በዱቤ ማውጣት ስለሚችል ይበልጥ ይፈለጋል። ለእናትና ለአባት በአማርኛ አንድ ነገር ብቻ ንገሯቸው፦ "የመጣልዎትን ቁጥር፣ እኔ ነኝ ብሎ ቢደውልም እንኳ፣ በስልክ ለማንም አይንገሩ።"

አሁን ወደሚከፈልበት እንሂድ። አፑን ወይም ድረ ገጹን ከፍታችሁ የቢሉን ሙሉ ፒዲኤፍ አውርዱ። የመጀመሪያው ገጽ ድምሩን ብቻ ነው የሚያሳየው፤ የምትፈልጉት በየስልክ ቁጥሩ የተከፋፈለውን ክፍል ነው። በእያንዳንዱ ቁጥር ሥር የፕላኑ ዋጋ አለ፤ የስልኩ ወርሃዊ ክፍያ አለ፣ በቬራይዞንና በኤቲ ኤንድ ቲ አብዛኛውን ጊዜ ለ36 ወር የሚከፈል፤ ከዚያ ተጨማሪ አገልግሎት የሚባለው ይመጣል፤ በመጨረሻ ታክስና ልዩ ልዩ ክፍያ። ተጨማሪ አገልግሎት በሚለው ሥር ያለውን ሁሉ በወረቀት ላይ በየስሙ ጻፉ፦ የማን ስልክ፣ ምን አገልግሎት፣ ስንት ዶላር።

ኢንሹራንሱን የሚያካሂደው አብዛኛውን ጊዜ ስልክ ኩባንያው ራሱ አይደለም። በቬራይዞንና በኤቲ ኤንድ ቲ አሹሪዮን የሚባል ድርጅት፣ በቲ-ሞባይል አሹራንት የሚባል ነው። ይህን ማወቅ የሚጠቅመው ስልክ ሲሰበር ስቶር ሄዶ መሟገት ጊዜ ማባከን ስለሆነ ነው፤ ክሌይም (የካሣ ጥያቄ) የሚከፈተው በእነዚህ ድርጅቶች ድረ ገጽ ወይም ስልክ ነው። ስቶሩም ቢሆን ብዙ ጊዜ የኩባንያውን ስም ለጥፎ የሚሸጥ ወኪል ነው። ወኪሉ "ቅናሹን ለማግኘት ኢንሹራንሱን መግባት አለብህ" ካለ አትመኑት። ኢንሹራንሱ ስልክ ለመግዛትም ሆነ አገልግሎት ለማግኘት ግዴታ እንዳልሆነ በራሱ በውሉ ላይ ተጽፏል።

ስሌቱን እናሳያችሁ። ዋጋው እንደ ስልኩ ዓይነትና እንደ ኩባንያው ይለያያል፤ ለምሳሌ በመስመር 17 ዶላር ነው እንበል። አምስት መስመር በወር 85 ዶላር፣ በዓመት 1,020 ዶላር፣ ስልኩ ተከፍሎ እስኪያልቅ በ36 ወር 3,060 ዶላር ይሆናል። አያት የያዙት ስልክ 200 ዶላር የሚያወጣ ከሆነ በአንድ ዓመት ለኢንሹራንሱ ብቻ 204 ዶላር ተከፈለ፤ ሲጠፋ ደግሞ ዲዳክቲብል፣ ማለትም ከኪሳችሁ የምትከፍሉት ድርሻ አለ። በዚያ ገንዘብ አዲስ ስልክ ይገዛል። ከ1,000 ዶላር በላይ ለሚያወጣ፣ ስክሪኑን በየዓመቱ ለሚሰብር ልጅ ስልክ ግን ክፍያው ትርጉም አለው፤ ስክሪን ማሠሪያው በብዙዎቹ ውሎች 29 ዶላር ወይም ነፃ ነው።

የብዙ መስመር ጥቅል የሚባለውንም በዚሁ ዓይን እዩት። አራት መስመር በ50 ዶላር የሚሸፍን ጥቅል ርካሽ ይመስላል። መሸፈን ያለባቸው ስልኮች ሁለት ከሆኑ ግን በተናጠል 34 ዶላር ነው። ሦስት ሲሆኑ 51። ስሌቱ የሚገለበጠው ሦስተኛው ስልክ ላይ ነው። በአንዳንድ ጥቅሎች በዓመት የሚፈቀደው የክሌይም ብዛት ለሁሉም የጋራ ስለሆነ አንዱ ልጅ የሁሉንም ሊጨርስ ይችላል። አንድ ልጅ ከፕላኑ ወጥቶ የራሱን ሲከፍት ደግሞ ጥቅሉ በነበረበት ዋጋ እንዳይቀጥል በዚያው ወር ደውላችሁ አስተካክሉ።

እኛ የምንመክረው ይህን ነው፦ ውዶቹን ስልኮች መድኑ፣ ርካሾቹን ተዉና ገንዘቡን እንደ ቤት ዕቁብ አስቀምጡ። ለሦስት ርካሽ መስመር ይከፈል የነበረው 51 ዶላር በዓመት 612 ዶላር ነው። ከሦስቱ አንዱ ቢሰበር ከዚያ ይገዛል፤ ባይሰበር ገንዘቡ የእናንተ ነው።

ከመድናችሁ ግን ክሌይም ለምን እንደሚበላሽ እወቁ። መግቢያው ጊዜ አለው፤ በተለመደው ስልኩ ከተገዛ በ30 ቀን ውስጥ ነው። ሽፋኑ የተያያዘው ከመስመሩ ጋር ሲሆን፣ የሚሸፈነውም በዚያ መስመር ሲሠራ በኩባንያው መዝገብ የታየው ስልክ ነው። በእኛ ቤት ሲም መለዋወጥ የተለመደ ነው፤ አዲሱ ስልክ ለወንድም ወደ አገር ቤት ተልኮ ባለቤቱ በአሮጌው ሲቀጥል፣ የሚከፈልበት ሽፋን በአሮጌው ላይ ነው የሚቀረው። አዲስ አበባ ላይ የጠፋውም አይሸፈንም። የሚሸፈን ስልክ እንኳ ውጭ አገር ሳላችሁ ቢጠፋ ምትኩ የሚላከው ወደ አሜሪካ አድራሻ ነው።

ምትክ ስልክ ሲመጣ የተበላሸውን መመለስ ግዴታ ነው፣ ካልተመለሰ በመቶዎች ዶላር ያስከፍላል። የሚያሳዝነው፣ መልሰውም የሚቀጡ አሉ፤ አይፎን ላይ "ፋይንድ ማይ" የተባለው የስልክ መፈለጊያ ሳይጠፋ ከተላከ ስልኩ የተቆለፈ ስለሆነ እንዳልተመለሰ ይቆጠራል። ስክሪኑ ቢሞትም ከኮምፒውተር ወደ አይክላውድ ገብታችሁ ከአካውንታችሁ አስወጡት። የጠፋ ወይም የተሰረቀ ስልክ ከሆነ ተቃራኒው ነው፦ ፋይንድ ማይን አታጥፉ፤ መስመሩን አስዘጉና በውሉ ቀን ውስጥ፣ በብዙዎቹ 60 ቀን ነው፣ ክሌይም ክፈቱ። የሚመጣው ምትክ አዲስ ላይሆን እንደሚችል፣ የታደሰ ሊሆን እንደሚችል አስቀድማችሁ እወቁ።

አንዳንድ ክሬዲት ካርዶች የስልኩ ወርሃዊ ቢል በካርዱ ከተከፈለ በቢሉ ላይ ያሉትን መስመሮች ሁሉ ከስብራትና ከስርቆት ይሸፍናሉ፤ ዲዳክቲብሉ 25 ወይም 50 ዶላር የሆነባቸው አሉ። ሁለት ነገር ግን ያዙ። በራስ ግድየለሽነት የጠፋን፣ ታክሲ ውስጥ የተረሳን፣ ብዙዎቹ አይሸፍኑም። ሁለተኛው፣ ስልክ ኩባንያዎቹ የአውቶፔይ ቅናሽን በሙሉ የሚሰጡት በባንክ አካውንት ወይም፣ በአንዳንዶቹ፣ በዴቢት ለሚከፍል ነው። በመስመር 5 ወይም 10 ዶላር ቅናሽ በአምስት መስመር ከጠፋ የካርዱ ሽፋን ነፃ መሆኑ ቀረ።

"ሴኪዩሪቲ" ተብሎ የሚሸጠው አፕ ከኢንሹራንሱ ጋር ተጠቅልሎ ሊመጣ ይችላል። አይፎን ላይ ማንኛውም አፕ ሌላውን አፕ ከፍቶ ቫይረስ መፈተሽ አይችልም፤ ስልኩ አሠራሩ አይፈቅድለትም። ስለዚህ የምትከፍሉት ለቪፒኤን (የኢንተርኔት ግንኙነትን ለሚሰውር አገልግሎት)፣ ለመጥፎ ድረ ገጽ ማገጃና "መረጃዎ ወጥቷል" ለሚል ማስታወቂያ ነው። መረጃው መውጣቱን ከላይ ነግረናችኋል። ከማስታወቂያው የሚሻለው ክሬዲትን ማስቆለፍ፣ ማለትም በስማችሁ አዲስ ዱቤ እንዳይከፈት ማድረግ ነው፤ ከ2018 መስከረም ጀምሮ በሕግ ነፃ ሆኗል። ኢኪዩፋክስ፣ ኤክስፔሪያንና ትራንስዩኒየን በሚባሉት ሦስት የክሬዲት መዝገቦች ላይ በየተራ ታስቆልፋላችሁ፤ ከ16 ዓመት በታች ላሉ ልጆችም ወላጅ ማስቆለፍ ይችላል። ብዙ ሰው የማያውቀው አራተኛ መዝገብ አለ፣ ኤንሲቲዩኢ የሚባል፤ የስልክና የመብራት ድርጅቶች አዲስ ደንበኛ ሲመጣ ከሚያዩአቸው መዝገቦች አንዱ ነው። እሱም ከተቆለፈ በስማችሁ የስልክ አካውንት መክፈት ይከብዳል። ራሳችሁ ኩባንያ ስትቀይሩ ለጊዜው መክፈቱን አስታውሱ።

የአጭበርባሪ ጥሪ ማገጃ በሦስቱም ኩባንያዎች መሠረታዊው ነፃ ነው፦ "ኮል ፊልተር"፣ "አክቲቭ አርመር"፣ "ስካም ሺልድ"። የማይታወቅ ደዋይን ጸጥ የሚያደርገውን የስልኩን ቅንብር ስታበሩ ግን የአገር ቤት ሰዎችን ቁጥር ከ+251 ጀምሮ በስም መዝግቡ። ካልተመዘገበ የእናት ጥሪ ሳይጮህ ያልፋል። አጠራጣሪ የጽሑፍ መልእክት ሲመጣ ወደ 7726 አሳልፋችሁ ላኩት።

አገር ቤት ስትሄዱ ደግሞ የተለየ አደጋ አለ። የአሜሪካውን ሲም አውጥታችሁ የኢትዮ ቴሌኮም ወይም የሳፋሪኮም ካስገባችሁ፣ የአሜሪካ ቁጥራችሁ ቢሰረቅ የምታዩት ምልክት የለም፤ "ኖ ሰርቪስ" የሚለው ማስጠንቀቂያ ራሱ አይኖርም። ከመሄዳችሁ በፊት ሁሉንም መቆለፊያ አብሩ፣ የኩባንያው ማስታወቂያ በኢሜይልም እንዲመጣ አድርጉ፣ ባንኩ የሚፈቅድ ከሆነ ኮዱን ከጽሑፍ መልእክት ወደ ማረጋገጫ አፕ አዙሩ። ሁለት ሲም የሚይዝ ስልክ ከሆነ የአሜሪካውን በኢሲም አስቀምጣችሁ ዋይ ፋይ ኮሊንግ አብሩ። እዚህ የሚቀር አንድ የታመነ ሰውም በአካውንቱ ላይ ይመዝገብ፤ ስልኩ እዚያ ቢጠፋ መቆለፊያውን ከፍቶ አዲስ ኢሲም የሚያወጣ ሰው ያስፈልጋል።

በአካውንቱ ላይ ማን እንደተመዘገበም እዩ። ከዓመታት በፊት "ማናጀር" ተብሎ የገባ፣ አሁን ሌላ ከተማ የሚኖር ዘመድ ዛሬም ሲም ማውጣት፣ ስልክ ማዘዝ ይችል ይሆናል። የማያስፈልገውን አውጡ።

አንድ ነገር ድምፃችንን ዝቅ አድርገን እንጨምር። በትዳር ውስጥ ጥቃት የሚደርስባት ሴት ስልኳ በባሏ አካውንት ላይ ከሆነ፣ የደወለችበትን ቁጥር ዝርዝር፣ አንዳንዴም ያለችበትን ቦታ የሚያየው እሱ ነው። እ.ኤ.አ. በ2022 የወጣው "ሴፍ ኮኔክሽንስ አክት" የተባለ የፌዴራል ሕግ፣ ጥቃቱን የሚያሳይ ሰነድ አያይዛ ስታመለክት ኩባንያው የእሷንና አብረዋት ያሉትን ልጆች መስመር በሁለት የሥራ ቀን ውስጥ ከአካውንቱ እንዲለይ ያስገድዳል። የመለያ ክፍያም ሆነ ቅጣት አይጠየቅም፣ ቁጥሯም አይቀየርም። ይህ መረጃ የሚያስፈልጋት እህት እንድታገኘው፣ በየማኅበሩና በየቤተ እምነቱ ያላችሁ በቃል አድርሱ።

የማያስፈልገውን ተጨማሪ ክፍያ ለማስወጣት ከአፑ ማጥፋት ይቻላል። የሚቀጥለውን ቢል አይታችሁ መውጣቱን አረጋግጡ፤ የማረጋገጫውን ገጽ ፎቶ አንስታችሁ ያዙ። ያልጠየቃችሁት ነገር ተጨምሮ ኩባንያው አልመልስም ካለ ለኤፍሲሲ ማመልከት ነፃ ነው፤ ስልኩ 1-888-225-5322 ነው። ማመልከቻው ለኩባንያው ሲደርሰው በ30 ቀን ውስጥ በጽሑፍ የመመለስ ግዴታ አለበት። ይህ ተቋም ጥርስ አለው፤ በ2014 እና በ2015 ደንበኞች ሳይፈቅዱ በቢላቸው ላይ የሌሎች ድርጅቶች ክፍያ በመጨመሩ በወቅቱ የነበሩት አራቱ ትልልቅ ኩባንያዎች ከመንግሥት ጋር በድምሩ 353 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማምተዋል፦ ኤቲ ኤንድ ቲ 105፣ ቲ-ሞባይል 90፣ ቬራይዞን 90፣ ስፕሪንት 68።

ለኩባንያዎቹና ለኤፍሲሲ ያለን ጥያቄ ሦስት ነው። ኤፍሲሲ በ2023 ኅዳር የሲም ስርቆትን ለመከላከል ባጸደቀው ደንብ መቆለፊያው በነፃ እንዲቀርብ ወስኗል፤ እኛ የምንጠይቀው መስመር ሲከፈት ጀምሮ ተቆልፎ እንዲመጣ፣ መክፈት የፈለገ እንዲከፍተው ነው። ሁለተኛ፣ የሁሉም መስመሮች ተጨማሪ አገልግሎት ድምር በቢሉ የመጀመሪያ ገጽ ላይ በአንድ መስመር ይጻፍ። ሦስተኛ፣ በስቶር ውስጥ ኢንሹራንስ ሲጨመር የአካውንቱ ባለቤት በራሱ ስልክ "አዎ" ብሎ ሳይመልስ ክፍያው አይጀምር።

ከአክብሮት ጋር፣
የስልክ ቢልና የኢንሹራንስ ውል አንብበን ለወገን የምናስረዳ